ፈንክና ሮክ በአንድ ቤት፦ የፕሪንስ «ሳይን ኦ ዘ ታይምስ» እንዴት ተሠራ?

የአልበሙን መክፈቻ ዘፈን ክፈቱና የመጀመሪያውን ግማሽ ደቂቃ ብቻ አዳምጡ። ድራም ማሽን ይመታል። አጭርና ወፍራም የሲንተሳይዘር (ድምፅን በኤሌክትሮኒክስ የሚፈጥር መሣሪያ) ሐረግ ደጋግሞ ይመላለሳል። ከዚያ አንድ ሰው መዝፈን ይጀምራል። ከዚህ የዘለለ ብዙ ነገር የለም። ኮርድ (አብረው የሚሰሙ ኖታዎች) ይዞ የሚቆይ ኪቦርድ የለም፤ ክፍተቱን ሁሉ የሚሸፍን ጊታርም የለም። ጊታሩ ሲመጣ እንኳ በስንኞቹ መካከል ጣል እያደረገ ያልፋል እንጂ ተደላድሎ አይቀመጥም። ግጥሙ ስለ ኤድስ፣ ስለ አደንዛዥ ዕፅና ስለ ፈነዳችው የቻሌንጀር መንኮራኩር እያወራ፣ ሙዚቃው ግን እጁን ሰብስቧል። እንዲህ የተራቆተ ቅንብር በአሜሪካ የነጠላ ዘፈኖች ሰንጠረዥ ሦስተኛ ደረጃ ላይ ደረሰ።

ፕሪንስ በሚኒሶታ ግዛት፣ በሚኒያፖሊስ ከተማ ተወልዶ ያደገ የፖፕ ኮከብ ነበር። «ሳይን ኦ ዘ ታይምስ» የወጣው በማርች 1987 እ.ኤ.አ. ሲሆን (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) 16 ዘፈኖችን በሁለት ሸክላ ይዟል፤ ርዝመቱ 80 ደቂቃ ገደማ ነው። አብዛኞቹን ዘፈኖች የጻፈው፣ ያቀናበረውና አብዛኛውን መሣሪያ የተጫወተው እሱ ራሱ ነው። አልበሙ ፈንክ ሮክ ይባላል። ስሙን የሰማ ሰው የፈንክ ምት ላይ የሮክ ጊታር ቢጨመር ነገሩ ያለቀ ይመስለዋል። ይህን የሞከሩ ባንዶች ብዙ ናቸው፤ አብዛኞቹም ፈንኩን ያጡታል። ምክንያቱን ለመረዳት ሁለቱ ሙዚቃዎች በየፊናቸው እንዴት እንደሚሠሩ በጥቂቱ ማየት ያስፈልጋል።

አሥራ ስድስቱ ሳጥኖች

አንድ ባለ አራት ምት መለኪያ ወስደን እያንዳንዱን ምት ለአራት እንክፈለው። አሥራ ስድስት ሳጥኖች እናገኛለን። በደቂቃ 100 ምት በሚሄድ ዘፈን ውስጥ አንዱ ሳጥን የሰከንድ 0.15 ያህል ብቻ ነው። ፈንክ የሚሠራው በእነዚህ ትንንሽ ሳጥኖች ደረጃ ነው። አንደኛው ሳጥን ንጉሥ ነው፤ የፈንክ ፈር ቀዳጁ ጄምስ ብራውንና ባንዱ «ዘ ዋን» (አንዱ) ይሉት የነበረው እሱን ነው። ኪክ ድራሙ (በእግር የሚመታው ትልቁ ከበሮ) እና ቤዙ እዚያ ላይ አብረው ያርፋሉ። ስኔሩ (ሹል ድምፅ ያለው ትንሹ ከበሮ) 5ኛውንና 13ኛውን ይይዛል። ከዚያ ወዲያ ያለው ሥራ ሁሉ ማን የትኛውን ሳጥን ይወስዳል፣ ማንስ ይተዋል የሚለው ነው።

ለምሳሌ ቤዙ 1ኛው ላይ ይመታና 4ኛው ላይ አጭር ኖታ ይጥላል፤ ከዚያ ዝም ብሎ ይቆይና 11ኛው ላይ ይመለሳል። ጊታሩ ቤዙ የተዋቸውን 3፣ 7፣ 10 እና 15 ይወስዳል። የጊታሩ ቀኝ እጅ ግን አያርፍም፤ አሥራ ስድስቱንም እየተመላለሰ ይመታል። ግራ እጁ በተመረጡት ሳጥኖች ላይ ብቻ ክሮቹን ይጫናል፣ በቀሩት ላይ ላላ ያደርጋል። ላላ ሲል የሚሰማው ቺክ ቺክ የሚለው የታፈነ ድምፅ ራሱ የከበሮ ያህል ያገለግላል።

ችክችካ ላይ ያደገ ጆሮ ይህን መጀመሪያ ሲሰማ ሊቸገር ይችላል። የችክችካ ምት በስድስት ስምንተኛ ይዞራል፤ ሦስት ሦስት እየሆነ ያወዛውዛል። ፈንክ አራት አራት እየሆነ ይቆራረጣል፤ የሚያስጨፍረውም በመዞሩ ሳይሆን አንደኛውን ሳጥን በመጠበቁ ነው። ቢሆንም የአዲስ አበባ ባንዶች በ1960ዎቹና በ70ዎቹ ይህን ቋንቋ በሚገባ ተናግረውታል፤ አለማየሁ እሸቴ ከጄምስ ብራውን ጋር ሲነጻጸር የኖረው በከንቱ አይደለም።

የሮክ ጊታር ለምን ያበላሸዋል?

ሮክ በትልልቁ ያስባል። ስምንት ሳጥን ይበቃዋል፤ ስኔሩ ጮክ ይላል፤ ጊታሩ በዲስቶርሽን ወፍሮ ረጅም ኖታ ይይዛል። ችግሩ ያለው እዚህ ነው።

ዲስቶርሽን ማለት ድምፁ ማጉያው ከሚሸከመው በላይ ሲገፋ አናቱ መቆረጡ ነው። ሲቆረጥ ሁለት ነገር ይሆናል። የመጀመሪያው፣ በጠንካራና በደካማ ምት መካከል ያለው ልዩነት ይጠፋል። ያ የታፈነ ቺክ ከሙሉው ኮርድ እኩል ይጮኻል። ጊታሪስቱ ባዶ የተዋቸው ሳጥኖች በጉምጉምታ ይሞላሉ፤ ክሩ የሚያሰማው ርጋፊም ስለሚጎላ ኖታው በጊዜው አያልቅም። ያን ጊዜ ሳጥኖቹ ይደፈናሉ፤ ፈንኩም አብሮ ይሞታል።

ሁለተኛው ስውር ስለሆነ ብዙ ሰው አያስተውለውም። ሁለት ኖታዎች በአንድ የተጣመመ ማጉያ ውስጥ ሲያልፉ የድምራቸውንና የልዩነታቸውን ድምፅ ይወልዳሉ። 200 እና 300 ኸርዝ (በሰከንድ የሚቆጠር የንዝረት ብዛት) ብንወስድ ልዩነቱ 100፣ ድምሩ 500 ነው፤ ሁሉም የ100 ብዜት ስለሆኑ ይስማማሉ። ሮክ ጊታሪስቶች ሥሩን (ኮርዱ የሚመሠረትበትን ኖታ) እና ከእሱ አምስተኛውን ብቻ ይዘው ፓወር ኮርድ የሚመቱት ለዚህ ነው። ፈንክ ግን የሚወደው ናይንዝ ኮርድ ነው፤ ኢ ናይንዝን ብንወስድ ውስጡ አምስት የተለያዩ ኖታዎች አሉ። እነዚህ በዲስቶርሽን ውስጥ አብረው ሲያልፉ እርስ በርስ የማይስማሙ ብዙ ድምራትና ልዩነቶች ይወልዳሉ። የሚሰማው ኮርድ ሳይሆን ጭቃ ነው። በተለይ ከ200 እስከ 500 ኸርዝ ባለው መንደር ውስጥ ቤዙ፣ ጊታሩና የዘፋኙ ደረት ድምፅ ይጋፋሉ።

ስለዚህ የፈንክ ሮክ አቀናባሪ በየደቂቃው አንድ ጥያቄ ይቀርብለታል፦ ከዚህ ውስጥ ማንን ላስወጣ? ይህ አልበም የሚደነቀው በመልሶቹ ነው ብለን እናምናለን። አልበሙ በጭማሪ የተገነባ አይደለም፤ በመቀነስ የተቀረጸ ነው።

መልሶቹ በየዘፈኑ

«ሃውስኩዌክ»ን ውሰዱ። እዚህ ሮኩ ከቅንብሩ ወጥቷል ማለት ይቻላል። ድራሙ ደረቅና ወደ ፊት የወጣ ነው፣ ቤዙ አጭር አጭር ይናገራል፣ መለከትና ሳክስፎኑ እንደ ከበሮ ዱላ ቆርጠው ይመታሉ። ኮርዱ እምብዛም ስለማይንቀሳቀስ ጆሮ የሚከተለው ዜማን ሳይሆን ሳጥኖቹን ነው። «ዘ ክሮስ» የዚህ ተቃራኒ ነው። በለሆሳስ ይጀምራል፣ ድራሙ ዘግይቶ ይገባል፣ ጊታሩ በየዙሩ እየወፈረ ሄዶ መጨረሻ ላይ ሰማይ ይነካል። እዚህ ደግሞ የወጣው ፈንኩ ነው። ሁለቱን በአንድ ዘፈን ማጋጨት ሳያስፈልግ በአንድ አልበም ላይ ማስቀመጥም አንዱ መልስ ነው።

«ዩ ጎት ዘ ሉክ» ግን ሁለቱን ፊት ለፊት ያገናኛል። አወቃቀሩ የብሉዝ ነው፤ ጊታሩ በዲስቶርሽን ይጮኻል፣ ድራሙም ከባድ ነው። ታዲያ እንዴት አልተደፈነም? ጊታሩ ኮርድ ከመያዝ ይልቅ በነጠላ ኖታ ይናገራልና ነው። ዘፋኙ ሲተነፍስ ይገባል፣ ዘፋኙ ሲመለስ ይወጣል። እዚህ ላይ አንድ የሚያስደስት ነገር አለ። የሮክ ጊታር አብዝቶ የሚጠቀምበት ባለ አምስት ኖታ ማይነር ስኬል የትዝታ ሜጀር ኖታዎች ናቸው፤ የሚለየው መነሻው ላይ ነው። ሲ፣ ዲ፣ ኢ፣ ጂ፣ ኤ ብላችሁ ከሲ ብትነሱ ትዝታ ይሆናል፤ እነዚያኑ ከኤ ብትነሱ ሮክ። ክራር የሚያውቅ ሰው የፕሪንስን ሶሎ ሲሰማ ጣቶቹ የት እንዳሉ ለመገመት አይቸገርም።

«አይ ኩድ ኔቨር ቴክ ዘ ፕሌስ ኦፍ ዩር ማን» ከስድስት ደቂቃ በላይ ይረዝማል። ግማሹ ፈጣንና ደስ የሚል ጊታር ሮክ ነው። ከዚያ ባንዱ በሙሉ ድንገት ወደ ሹክሹክታ ይወርድና ረጅም የብሉዝ ጭውውት ይጀምራል። በሬዲዮ አጭሩን ቅጂ ብቻ የሰማ ሰው የዘፈኑን ልብ አልሰማም። «ፎርኤቨር ኢን ማይ ላይፍ» ላይ ደግሞ የቀረው ድራሙ፣ የሰው ድምፅና እጅግ ጥቂት ነገር ነው። አጃቢዎቹ ከዋናው ዘፋኝ ቀድመው ቃሉን ይናገራሉ፤ ዋናው ኋላ ይከተላል። አንድን ሰው ሐሳቡ ከአፉ ቀድሞ ሲሄድበት እንደመስማት ነው።

ሁለት ማሽኖች

አብዛኛው የአልበሙ ድራም የመጣው ሊን ኤልኤም-1 ከሚባል ድራም ማሽን ነው። ሮጀር ሊን የተባለ አሜሪካዊ መሐንዲስ በ1980 ለገበያ ያቀረበው ሲሆን የእውነተኛ ከበሮ ቅጂ በዲጂታል ይዞ የተሸጠ የመጀመሪያው ድራም ማሽን ነው። ዋጋው በጊዜው 5,000 ዶላር ገደማ ነበር። የክራሽም ሆነ የራይድ ሲምባል ድምፅ የለውም፤ ረጅም ድምፅ ብዙ ሜሞሪ ይፈጅ ስለነበር ተተወ። ይህ ጉድለት ለፈንክ በረከት ሆኖ ቀረ፤ ሲምባል ከላይ እየተንሻሸ የሚሞላው ቦታ ባዶ ቀርቷልና።

ኤልኤም-1 እያንዳንዱን ከበሮ በየራሱ መውጫ ያወጣል፣ ለየብቻውም ቃናውን ከፍና ዝቅ ማድረግ ይቻላል። ፕሪንስ የስኔር ጠርዝ ሲመታ የሚሰማውን «ጠክ» ወደታች ያወርደውና በጊታር ፔዳሎች ውስጥ ያሳልፈዋል። የሚወጣው ድምፅ በር የሚንኳኳ ይመስላል። ይህን ድምፅ አንዴ ከለያችሁት በ1980ዎቹ ሥራዎቹ ውስጥ ደጋግማችሁ ታገኙታላችሁ።

ሌላው ፌርላይት ነው፦ በአውስትራሊያ የተሠራ፣ ድምፅ እየቀዳ በኪቦርድ የሚያስጫውት ኮምፒውተር። ዋጋው በአሥር ሺዎች ዶላር ስለነበር ከትልልቅ ስቱዲዮዎችና ከሀብታም ሙዚቀኞች እጅ አይወጣም ነበር። የመክፈቻው ዘፈን ዋና ሐረግ የመጣው ከዚሁ ማሽን፣ ያውም ከፋብሪካ ከተጫኑት ድምፆች ነው። ማንም ባለቤት ቁልፉን ተጭኖ ሊያገኘው የሚችል ድምፅ ነበር።

«ካሚል» የሚባለው ድምፅ

በ«ሃውስኩዌክ»፣ በ«ስትሬንጅ ሪሌሽንሺፕ» እና በ«ኢፍ አይ ዋዝ ዩር ገርልፍሬንድ» ላይ የሚዘፍነው ወንድ ይሁን ሴት ለመለየት ያስቸግራል። ፕሪንስ ይህን ድምፅ ካሚል ብሎ ሰየመው። አሠራሩ ቀላል ነው። ሙዚቃው በባለ 24 ትራክ ቴፕ ላይ አለ። ቴፑ ይዘገያል፣ ፕሪንስ ከዘገየው ሙዚቃ ጋር ይዘፍናል፣ ከዚያ ቴፑ ወደ ትክክለኛው ፍጥነት ይመለሳል። ድምፁ ከሙዚቃው ጋር አብሮ ይወጣል።

በቁጥር እናስቀምጠው። በደቂቃ 120 ምት የሚሄድን ዘፈን በሁለት ሴሚቶን (ሴሚቶን በፒያኖ ላይ ከአንዱ ቁልፍ እስከ ቀጣዩ ያለው ርቀት ነው) ማውረድ ቢፈለግ ቴፑ በ11 በመቶ ገደማ መዘግየት አለበት፤ ፍጥነቱ ወደ 107 ይወርዳል። ሲመለስ ከፍ የሚለው ኖታው ብቻ አይደለም። የጉሮሮውና የአፉ ቅርፅ የሚሰጠው ቀለምም አብሮ ስለሚወጣ ዘፋኙ ጠባብ ጉሮሮ ያለው ሰው ይመስላል። አንድ ወንድ በቀጭን ድምፁ ቢዘፍን ይህን አያገኝም።

ይህን ዛሬ በኮምፒውተር የሚሞክሩ ሰዎች አዘውትረው የሚሳሳቱት ፕሮግራሙ ፍጥነቱንና ቃናውን ለይቶ እንዲለውጥ ሲተዉት ነው። ሁለቱ አብረው መለወጥ አለባቸው። ሌላው ስህተት ማብዛት ነው፤ ከሦስትና አራት ሴሚቶን ካለፈ የካርቱን ድምፅ ይሆናል፣ የ«ስ» ድምፅም ጆሮ ይወጋል። 

ሲበላሽ የተተወው

የፕሪንስ የድምፅ ቀረጻ ባለሙያ ሱዛን ሮጀርስ የመጣችው ከጥገና ሙያ ነው። መጀመሪያ የተቀጠረችው የስቱዲዮ ዕቃ እንድትጠግን ነበር። በኋላ ግን ቀረጻውንም ይዛ ሠራች። ይህ አልበም ሁለት ብልሽቶችን በክብር ይዟል፤ ሁለቱም እሷ በሠራችባቸው ቀረጻዎች ላይ የሆኑ ናቸው።

የመጀመሪያው «ዘ ባላድ ኦፍ ዶሮቲ ፓርከር» ነው። በፕሪንስ ቤት አዲስ የቀረጻ ኮንሶል (ድምፆች ሁሉ የሚያልፉበትና የሚስተካከሉበት ጠረጴዛ) እየተገጠመ ነበር። ሳይፈተሽ ፕሪንስ መጥቶ መቅዳት ጀመረ። ሮጀርስ ወዲያው ሰማችው፤ ከፍ ያለው ድምፅ የለም፣ ሁሉም ነገር ውኃ ውስጥ የገባ ይመስላል። ፕሪንስ ግን አላቆመም። ዘፈኑ አልቆ እሱ ከሄደ በኋላ ስትፈትሽ ከኮንሶሉ ኃይል ሰጪዎች አንዱ እንዳልሠራ አገኘችው፤ ኮንሶሉ ከሚገባው ኃይል ግማሹን ብቻ እያገኘ ነበር የሠራው። ዘፈኑ የሚያወራው እንደ ሕልም ስለሆነ ያ ጭፍን ያለ ድምፅ ተስማማው፤ በዚያው ቀረ። አሁን ስትሰሙት ሃይ-ሃቱን (እርስ በርስ የሚጋጩትን ጥንድ ትንንሽ ሲምባሎች) ልብ በሉ። በሌሎቹ ዘፈኖች ላይ የሚሰማው ስለት እዚህ የለም።

ሁለተኛው «ኢፍ አይ ዋዝ ዩር ገርልፍሬንድ» ነው። ፕሪንስ ሲዘፍን ሰው አጠገቡ እንዲኖር አይፈልግም። ማይክሮፎኑ ከኮንሶሉ በላይ ይሰቀልለታል፣ ሮጀርስ ሁሉን አስተካክላ ትወጣለች፣ እሱ ብቻውን እየቀዳ ይዘፍናል። ያን ቀን የማይክሮፎኑ ማጉያ ከሚገባው በላይ ተከፍቶ ቀርቷል። በሚጮኽባቸው ቦታዎች ላይ ድምፁ ይሰነጠቃል። ይህን ዓይነት ስህተት በኋላ ማረም አይቻልም፤ የተቆረጠው የድምፅ አናት ቴፑ ላይ የለምና። ፕሪንስ ወደደው። ዘፈኑ ለፍቅረኛ የሚደረግ ልመና ነው፤ ልመናውም በተሰነጠቀ ድምፅ ይበልጥ ያሳምናል። ዲስቶርሽን በሮክ ጊታር ላይ የሚሠራውን ሥራ እዚህ የሰው ድምፅ ላይ ሠርቶታል። ለእኛ በአልበሙ ሁሉ ፈንክና ሮክ ከሁሉም በላይ የተቀራረቡት እዚህ ላይ ነው፤ ጊታሩ ላይ ሳይሆን።

ከሦስት ሸክላ ወደ ሁለት

አልበሙ በዚህ መልኩ አልተወለደም። በ1986 ፕሪንስ «ድሪም ፋክቶሪ» የሚል ሥራ ከባንዱ ከዘ ሪቮሉሽን ጋር ጀምሮ ነበር። ባንዱ በዚያው ዓመት ፈረሰ። «ካሚል» የተባለ ለብቻው የሚወጣ አልበምም አዘጋጅቶ ተወው። በመጨረሻ ከሁሉም ሰብስቦ «ክሪስታል ቦል» የሚባል 22 ዘፈን ያለው ባለ ሦስት ሸክላ አልበም ለአሳታሚው ለዋርነር ብራዘርስ አቀረበ። ኩባንያው ሦስት አይሆንም፣ ሁለት ይሁን አለ። ፕሪንስ ቀነሰ፤ አዲሱን «ዩ ጎት ዘ ሉክ»ንም ጨመረ።

ኩባንያው ስለ ዋጋ ቢያስብም፣ የሸክላ ነገር የራሱ ሕግ አለው። አንዱ ገጽ ያለ ችግር የሚይዘው 20 ደቂቃ አካባቢ ነው። ቤዝ ሲበዛ የመርፌው መንገድ ሰፋ ብሎ መወዛወዝ ስላለበት ቦታ ይበላል፤ ደቂቃው ሲበዛ ቤዙ መቀነስ ወይም ጠቅላላው ድምፅ ዝቅ ማለት አለበት። በአራት ገጽ 80 ደቂቃ ማለት ልክ ጠርዙ ላይ መቆም ነው። በጊዜው የነበረው ሲዲ 74 ደቂቃ ገደማ ስለሚይዝ አልበሙ በሲዲም ሁለት ሆኖ ወጣ።

የተቆረጡት ዘፈኖች ለብዙ ዓመት የሰብሳቢዎች ወሬ ሆነው ኖሩ። በ2020 የወጣው ሰፊ እትም ከነዚህ ውስጥ ብዙዎቹን፣ በድምሩ 63 ከዚያ በፊት ያልወጡ ቅጂዎችን ይዟል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያዳምጥ ሰው ግን ከእነሱ አይጀምር። መጀመሪያ 16ቱን በቅደም ተከተላቸው ይስማ።

በስልክ ድምፅ ማጉያ ባይሆን ይመረጣል። ትንሽ ስፒከር ከ200 ኸርዝ በታች ያለውን በደንብ አያወጣም፤ የኪኩና የቤዙ ውይይት ያለው ደግሞ እዚያ ነው። ሄድፎን አድርጉና «ሃውስኩዌክ» ላይ ከአንድ እስከ አሥራ ስድስት እየቆጠራችሁ ቤዙ የሚዘላቸውን ሳጥኖች ብቻ ለዩ። ከዚያ «ዩ ጎት ዘ ሉክ» ላይ ጊታሩ ዝም የሚልባቸውን ቦታዎች።

በኮምፒውተር ቅንብር የሚሠራ ሰው ይህን መሞከር ይችላል። በ100 ፍጥነት ኪክ 1ኛው፣ ስኔር 5ኛውና 13ኛው ላይ ያስቀምጥ። ቤዝ ሦስት ኖታ ብቻ ይስጥ። ጊታሩን ከ150 ኸርዝ በታች ይቁረጥና ያለ ዲስቶርሽን በላይኞቹ ሦስት ክሮች ያስመታ። ዲስቶርሽን ያለበትን ሁለተኛ ጊታር በነጠላ ኖታ፣ በየአራተኛው መለኪያ ላይ ብቻ ያስገባ። ሁሉም ሲገጥም አንድ መሣሪያ መርጦ ያጥፋ፤ ዘፈኑ ካልጎደለበት እንደጠፋ ይተወው።